ሰርቪሱ ሰርቪስ የገባ ሰሞን

እኛ የምንኖረው ሰርቪስ ውስጥ ነበር። አክስቴ ሶፊ ልብስ ስፌት ፋብሪካ ሥራ የምትሄደው በሰርቪስ ነው። እናቴ እሁድ እሁድ ሁለተኛው ሰርቪስ ላይ ትዘምራለች። የጎረቤታችን ልጅ ጆኒ ደግሞ መንገድ ዳር ፒንግፖንግ ሲጫወት የሚመታት ሰርቪስ ለጉድ ናት፤ አንድ ቀን ኳሷን ከሰፈራችን ከፉሪ ሲመታት ጀሞ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ልብስ የምታሰጣ ሴትዮ ባልዲ ውስጥ ገብታ ተገኝታለች። አላመናችሁም? ጆኒን ጠይቁት። እሱ አምስተኛ ፎቅ ነው ይላችኋል።

እንግሊዝኛዬ እስከ ስምንተኛ ክፍል ነው፤ ከዚያ በኋላ ተጣላን። ግን ያኔ፣ ገና የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለሁ፣ አንድ ነገር ገብቶኝ ነበር፦ ፈረንጆቹ ይሄን ቃል ሲያወጡ ሌላ ቃል አልቆባቸው ነበር። ወይም ደግሞ ቃሉ ከሀገሩ ብቻውን ተነስቶ ፉሪ እስኪደርስ መንገድ ላይ ወልዷል።

የእኛ ሰርቪስ ከኦቦ ዋቅጅራ ቪላ ጀርባ እንደ ባቡር ፉርጎ ከተደረደሩት ክፍሎች አንዱ ነበር። እኔ፣ እናቴና ታናሽ እህቷ ሶፊ እዚያ ነን፤ ጆኒና ቤተሰቡ ከግድግዳው ወዲያ። አባቴ የጅቡቲ መስመር የከባድ መኪና ሾፌር ስለነበር ብቅ ሲል እንደ እንግዳ ነው የምንቀበለው። ኦቦ ዋቅጅራ ፉሪ ገና የጤፍ ማሳ ከነበረበት ጊዜ ጀምሮ የነበሩ ሰው ናቸው። ማሳው ቤት ማብቀል ሲጀምር እሳቸውም ቪላ አበቀሉ፣ ከኋላው ሰርቪስ ደረደሩ፣ በረንዳው ላይ ወፍራም ወፍራም ምሰሶ አቆሙ። ቡሬ የምትባለውን ላማቸውን ግን አልሸጡም። ቡሬ ግቢው ውስጥ ከባለቤታቸው ከአዴ ገዲሴና ከአንድ ልጃቸው ከሌንሳ እኩል ማዕረግ ነበራት።

ማዕረጓ የሚታወቀው በበሩ ነው። ግቢው ሁለት በር አለው። አንዱ ትልቁ አረንጓዴ የብረት በር፣ ለመኪና፣ ለእንግዳ፣ ለባለቤቶቹና ለቡሬ። ሌላው ከኋላ በሽንት ቤቱ በኩል ያለችው፣ ራስ ዝቅ አድርገው የሚያልፉባት ትንሿ በር፣ ለተከራይ። ማንም አልለጠፈው፣ ማንም አልተናገረው። ሕጉ ግን ሕግ ነበር፤ ላሟ በትልቁ፣ እኛ በትንሿ።

እኔና ጆኒ ደግሞ የራሳችን ሕግ ነበረን። አዲስ የ‹ሰርቪስ› ትርጉም ከትልቅ ሰው አፍ የሰማ ብይ ይበላል። ሌንሳ የሆቴል ትምህርት ቤት ገብታ ስለነበር ትሪ በሦስት ጣቷ ተሸክማ፣ ትሪው ላይ ውኃ የሞላ ብርጭቆ ደርድራ፣ ቡሬን እየዞረች ትለማመዳለች። «ምን እያደረግሽ ነው?» ስላት «ሰርቪስ» አለችኝ። ወዲያው ሮጬ የጆኒን ሰማያዊ ብይ በላሁበት። ልጁ እስከ ዛሬ ያቺን ብይ ያነሳብኛል።

አሁን ወደ ወጋየሁ እንምጣ። ወጋየሁ የሶፊን ፋብሪካ ሰርቪስ የሚነዳው ሾፌር ነው። መኪናው ቅጥቅጥ ነው፤ ስሙ ራሱ ድምፁን ይናገራል። ሌሎቹን ሠራተኞች አስፋልት ዳር ቆመው ነው የሚያነሳቸው፤ እኛ ጋ ሲደርስ ግን አስፋልቱን ለቆ፣ ያንን ኮረኮንችና ጭቃ እየዋኘ፣ ትልቁ በር ድረስ ይመጣል። እኔ መሪው ሥር ገብቼ ጡሩምባውን እነፋለሁ። «በይ ዝማሬ፣ ሰፈሩን ቀስቅሺ!» ይለኛል በስሜ ጠርቶ። ያ ሁሉ ሰው በየጠዋቱ ጭቃ ውስጥ የሚናጠው ለእኔ ጡሩምባ ተብሎ እንደሆነ ቅንጣት አልተጠራጠርኩም። ሰው ሲወደኝ ይታወቀኛል።

ዛሬ ስታስታውሰኝ ሶፊ ሆዷን ይዛ ነው የምትስቀው። መኪናው ውስጥ ካለው ሰው ሁሉ ወጌ ለማን ሲል ጭቃ እንደሚገባ ያላወቅኩት እኔ ብቻ ነበርኩ።

አንድ ሐሙስ ጠዋት ወጌ መኪናውን ወደ ኋላ ሲመልስ ቡሬ ከትልቁ በር ስትወጣ ተገጣጠሙ። ፍሬኑ ጮኸ። ቡሬ መንገዱ መሐል ዘፍ ብላ ተኛች።

«ገደልካት!» አለች ሶፊ ከመኪናው ዘላ ወርዳ።

«አልነካኋትም! በእግዜር፣ ጭራዋንም አልነካሁ!»

ኦቦ ዋቅጅራ ከዘራቸውን ይዘው ብቅ አሉ። አላዘኑም፣ አልተናደዱም፤ የላሟን እግሮች አንድ በአንድ መቁጠር ጀመሩ፣ እሱ ደግሞ የባሰ ነው። ወጌ ፊቱ አመድ መስሎ ላሟ ፊት ተንበረከከ። «ተነሺ እመቤቴ፣ ልመናዬን ስሚኝ፣ ሰው ሥራ ረፈደበት።» ቡሬ እያመሰኳች አየችው። ያኔ ከመኪናው መስኮት አንዱ ጮኸ፦

«ወጌ! ሽማግሌ ላክ እንጂ! የግቢው ደንብ ነው!»

መኪናው በሳቅ ተናጠ። ሴቶቹ መቀመጫ እየደበደቡ ሳቁ። ሶፊ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጎትታ ተመልሳ ገባች። እኔም ሳቅኩ፤ ግን ለላም ሽማግሌ መላክ ይሄን ያህል ምኑ እንደሚያስቅ አልገባኝም። ቡሬ ስትሰለች በራሷ ጊዜ ተነስታ ሄደች። ለእኔ ግን ስታነክስ ታየችኝ። ዛሬ ስጠይቅ ማንም ስታነክስ አላየም።

በማግስቱ ጡሩምባ የለም። ሶፊ ጫማዋን እየቀየረች፣ በታክሲ ለመሄድ እየተጣደፈች፣ ለእናቴ እንዲህ አለቻት፦

«ሰርቪሱ ሰርቪስ ስለገባ ዛሬ ሰርቪስ የለም።»

ጆኒ ግድግዳውን ከወዲያ ደበደበ። «ሰማሁ! ሦስት ብይ!»

«አንዱ የድሮ ነው!»

«ሁለት ታዲያ!»

ብዩን እየተጨቃጨቅኩ ልቤ ግን ሌላ ነገር ያሰላ ነበር። ሐሙስ ላሟ ተመታች። ዓርብ መኪናው ጋራዥ ገባ። ስለዚህ መኪናው ተጎድቷል፤ መኪናው ከተጎዳ ላሟማ አለቀላት። ዘይት የሚቀየርበት ቀን ደርሶ እንደሆነ ያኔ ቢነግሩኝም አላምንም ነበር። ዘይት የሚቀየረው ቺፕስ ቤት ነው።

እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ተመልሰን ዝናብ እያካፋ ሳለ ትልቁ በር ተንኳኳ። በሩ ሲከፈት ሦስት ሰዎች ገቡ። ከፊት የፋብሪካው ዘበኛ ጋሽ በንቲ ናቸው፤ ጋቢያቸውን ከወርቃማ ቁልፉ ካፖርት ላይ ደርበዋል። ያ ካፖርት በጣም ከባድ ስለነበር ጋሽ በንቲ አውልቀው ሲሰቅሉት ግድግዳው ወደ ፊት ዘመም ይላል ይባላል። ከኋላቸው ሰዒድ፣ የሰርቪሱ መካኒክ፣ እጁን እስኪቀላ ታጥቦ ጥፍሩ ግን ጥቁር እንደሆነ። ሦስተኛው የእኛው ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ናቸው፤ እሳቸው ከ«አሜን» ሌላ አይናገሩም።

እኔና ጆኒ የቪላው መስኮት ሥር ተለጥፈን አየን።

«ግቡ፣ ተቀመጡ እንጂ፣ ምን ሆናችሁ?» አሉ ኦቦ ዋቅጅራ።

«አንቀመጥም» አሉ ጋሽ በንቲ። «የመጣንበትን ሳንናገር አንቀመጥም።»

«አሜን» አሉ ሦስተኛው።

«ደህና፣ ተናገሩ።»

«እርስዎን አባት ብለን መጥተናል። አንድ ልጅ አለን፣ ወጋየሁ ይባላል፣ የሰርቪሱ ሾፌር፣ ያውቁታል። አጥፍቶ አይደለም የላከን። ልጅ ሊሆንዎ ነው። እንቢ እንዳይሉን።»

አዴ ገዲሴ ከመጋረጃው ኋላ «ያ ረቢ!» ሲሉ ተሰማ። ኦቦ ዋቅጅራ ከዘራቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ሰዎቹን ተራ በተራ አዩዋቸው። ከዚያ፦

«ሰምቻለሁ። ቤተሰብ ላማክር። ለእሁድ ተመለሱ» አሉ።

ጆኒ ክንዴን ነከሰኝ፣ በደስታ። «ለላሟ ነው! ሽማግሌ ላከባት!»

«አውቄያለሁ! መካኒኩንም ይዘው መጥተዋል፣ ጉዳቷን ሊገምት!»

ዞሬ እየበረርኩ ቤታችን ገባሁ። ሶፊ የእሁድ ቀሚሷን ሳታወልቅ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣለች፤ እናቴ ያለ ምንም ምክንያት ፀጉሯን ትሠራላታለች።

«ሶፊ! ሶፊ! ሽማግሌዎቹ ለቡሬ ነው የመጡት!»

ሶፊ መጀመሪያ አፏን ከፈተች። ከዚያ ትራሱ ውስጥ ፊቷን ቀብራ ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ ሳቀች። «ምን አሉ? ኦቦ ዋቅጅራ ምን አሉ?»

«እንማከር አሉ። ከቡሬ ጋር መሰለኝ።»

እናቴ በማበጠሪያው ራሴን ኳ አደረገችኝ።

እዚህ ላይ ቆም ብዬ ነገሩን ልንገራችሁ፣ ሙሉውን እኔ እንኳ ከዓመታት በኋላ ነው የገጣጠምኩት። ሽማግሌዎቹ የመጡት ሶፊን ለወጌ ሊጠይቁ ነበር። የሶፊ አባት ገና ልጅ ሳለች ሞቷል። ወጌ «ማንን ልጠይቅ?» ሲላት «ኦቦ ዋቅጅራን» አለችው። «ከሥራ አምሽቼ ስመጣ ትንሿ በር ላይ ባትሪ ይዘው ቆመው የሚጠብቁኝ እሳቸው ናቸው። ‹ይሄ ሰርቪስ ኤሊ ነው የሚስበው?› እያሉ ይሳደባሉ እንጂ ሳልገባ አይተኙም። አባት ካልክ አባቴ እሳቸው ናቸው።» ጋሽ በንቲ ደግሞ በመጀመሪያው ቀን የሴት ልጅ ስም መጥራት ነውር ነው ባይ ናቸው። ስሟን ዋጥ አደረጉት። ኦቦ ዋቅጅራ ታዲያ ምን ይበሉ? የተከራይን ልጅ ከአከራይ የሚጠይቅ ሽማግሌ ማን አይቶ ያውቃል? የሰሙት ሌንሳ ተጠየቀች ብለው ነው።

ያ ሳምንት ቪላው ውስጥ ሰማይ ጠቆረ። አዴ ገዲሴ ነገሩን ከሥር ያቀነባበረችው ሶፊ ናት ብለው ደመደሙ፤ ሾፌሩን በር ድረስ ያስለመደችው እሷ አይደለችም? ሰላምታ አቆሙ። የቧንቧውን ቁልፍ ደበቁ። እናቴን ጠርተው «ሰርቪሶቹን ማሳደስ አስበናል፤ ቤት መፈለግ ብትጀምሩ» አሏት። ሌንሳ ብቻ ምንም ሳታውቅ ትሪዋን ተሸክማ ትሽከረከራለች።

«አዴ ገዲሴ ፊታቸው ላይ ኖ ሰርቪስ ይላል» አለ ጆኒ።

«ምንድን ነው እሱ?»

«ኔትወርክ ሲጠፋ ሞባይሉ ላይ የሚጻፍ። ቁጠሪልኝ።»

«ከትልቅ ሰው አፍ ነው ደንቡ!»

«ሞባይሉ የአባቴ ነው!»

ሰጠሁት። ጊዜው የብይ አልነበረም። ምክንያቱም መኪናው ከጋራዥ ወጥቶ ወጌ ትልቁ በር ላይ ቆሞ ሲያስጮህ ሶፊ በትንሿ በር ወጥታ በእግሯ ወደ ጀሞ ታክሲ ተራ ትሄድ ጀመር። አንድ ቀን ወጌ መኪናውን ከነሰዉ ጥሎ ሲከተላት እኔም ተከተልኩ፣ አጥር ለአጥር።

«ሶፊ! ምን አጠፋሁ?»

«ምንም። እሁድ እንዳትልካቸው።»

«ሽማግሌ ተልኮ እንዴት ይቀራል? ጋሽ በንቲ ንግግር እያጠኑ ነው፤ በፋብሪካው በር ለሚገባ መኪና ሁሉ እያነበነቡ ነው!»

«ይቅር አልኩህ። ተከራዬ ነሽ እንጂ ልጄ አይደለሽም ማለት ከብዷቸው ነው ሰውየው ለእሁድ የቀጠሩት። ያንን በሰው ፊት አፋቸውን አውጥተው እንዲሉኝ አልፈልግም። ከዚያ በኋላ በዚያ በር እንዴት ነው የምገባው?»

ዓይኗን ጠረገች። ወጌ እጁን ኪሱ ከትቶ አወጣው፣ እንደገና ከተተው። መኪናው ውስጥ ያሉት ሰዎች በመስኮት «ረፈደብን፣ ፍቅሩን በምሳ ሰዓት!» እያሉ ጡሩምባ ነፉ፤ የእኔን ጡሩምባ።

እኔ ከዚህ ሁሉ የያዝኩት «ሽማግሌ» የሚለውን ነው። ሶፊ የምታለቅሰው፣ ወጌ የሚለምነው፣ አዴ ገዲሴ ቧንቧ የሚቆልፉት፣ እኛ ከቤት የምንባረረው፣ ሁሉም በዚያች ላም እግር ምክንያት ነው። እንግዲህ መድኃኒቱ ቀላል ነው፦ ቡሬ ደህና መሆኗ በሽማግሌ ፊት ይታይ።

እሁድ ደረሰ። እኔና ጆኒ ቡሬን ከቤቱ ኋላ አስረን አጠብናት። በሳሙና ጀምረን፣ ሳሙናው ሲያልቅ የሶፊን ፀጉር ማለስለሻ ጨረስንባት። ስትደርቅ እንዲህ ብዬ ብምል አትፍረዱብኝ፣ ራሴን በጎኗ ላይ አይቼ ፀጉሬን አስተካክያለሁ። ሽታዋ የሙሽራ ነበር። የሶፊን የእሁድ ሻርፕም አንገቷ ላይ አሰርንላት።

ሽማግሌዎቹ በትልቁ በር ገቡ። እንደገና ቆሙ። ኦቦ ዋቅጅራ ካባቸውን ለብሰው፣ አዴ ገዲሴ አጠገባቸው ቁጭ ብለው። ይሄን ክፍል እኔ ከላሟ ጋር ስለነበርኩ አላየሁትም፤ ግን ሌንሳ ነግራኛለች፣ ሰዒድ ነግሮኛል፣ ጋሽ በንቲ ለሰማውም ላልሰማውም ነግረዋል።

«ልጄ ገና ተማሪ ናት» ብለው ጀመሩ ኦቦ ዋቅጅራ።

ጋሽ በንቲ ወደ ሰዒድ ዘንበል አሉ። «ልብስ ስፌት አይደለም እንዴ ያለችው?»

«ማታ ማታ ትማር ይሆናል።»

«ኢንተላ ኮ አንድ ናት» ቀጠሉ ኦቦ ዋቅጅራ፣ ልጄ ማለታቸው ነው፣ ድምፃቸው ትንሽ እየተሰበረ። «ሌላ የለኝም። ወጣቱን አልጠላሁትም፣ ጨዋ ነው። ግን ከዚህ ግቢ...»

እዚህ ላይ ሌንሳ ገባች። እንግዳ መጥቷል ሲባል ተግባራዊ ፈተና መስሏት፣ ጥቁር ቀሚሷን ለብሳ፣ በሦስት ጣቷ ላይ ለስላሳ የተደረደረበት ትሪ አንስታ፣ ልክ እንደተማረችው በግራ በኩል ጎንበስ አለች። አዴ ገዲሴ ልጃቸው ራሷን ለሽማግሌ ልታሳይ የወጣች መስሏቸው ደረታቸውን ያዙ። ሰዒድ ጠርሙሱን ተቀበለና በትሕትና፦

«እግዜር ይስጥልኝ። እህቷ ነሽ?» አላት።

«የማን?» አለች ሌንሳ።

ያኔ ነው ኳ፣ ኳ፣ ኳ የተሰማው። ሴራሚክ ላይ ባለ ተረከዝ ጫማ ያደረገች ሴት የመጣች ነው የሚመስለው። ጆኒ ከኋላ እየገፋ፣ እኔ ሻርፑን ከፊት እየጎተትኩ፣ ቡሬን በበረንዳው ደረጃ አውጥተን ሳሎን አስገባናት።

«እዩዋት!» አልኩ። «አላነከሰችም! ምንም አልሆነችም! ወጌን ማሩት!»

ቡሬ ጠረጴዛው ላይ ያለውን የፕላስቲክ አበባ አየች፣ አሸተተች፣ በላች። ሌንሳ ወደ ጎን ዘለለች፤ ትሪውን ከራሷ በላይ አንስታ በላሟ ቀንድና በአባቷ ካባ መሐል ሾልካ ግድግዳው ጋ ደረሰች። አንድ ጠብታ አልፈሰሰም። እንዲህ ዓይነት ሰርቪስ ትልልቁ ሆቴል ውስጥም አታገኙም።

«ላሟን ማን ጠየቀ?» አሉ ጋሽ በንቲ፣ ያጠኑት ንግግር ሁሉ ከራሳቸው ጠፍቶ።

«ታዲያ ምን ጠየቃችሁ?» አሉ ኦቦ ዋቅጅራ።

«ሶፊን ነዋ!»

አበባው ቡሬ አፍ ውስጥ ሲንኮሻኮሽ ብቻ ይሰማል።

«ሶፊን?» አሉ አዴ ገዲሴ። «የሰርቪሷን ሶፊ?»

«ሌላ ሶፊ አለች እንዴ? ልጅቷ አባት የላትም። ‹አባቴ ኦቦ ዋቅጅራ ናቸው› አለች። እኛም እርስዎን አባት ብለን መጣን። መጀመሪያ ቀን ብዬ አልነበር?»

«አሜን» አሉ ሦስተኛው ሽማግሌ።

ሌንሳ መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ አዴ ገዲሴ፣ እጃቸውን አፋቸው ላይ አድርገው፣ ዓይናቸው ግን እንባ እየሞላ። «ያ ረቢ፣ ሳምንቱን ሙሉ ውኃ ዘጋሁባት!» እኔ ነገሩ ዞሮብኝ ሻርፑን እንደያዝኩ ቆሜያለሁ። አንዱም ሰው የቡሬን እግር አላየም።

ኦቦ ዋቅጅራ ግን አልሳቁም። ከዘራቸውን አስቀመጡ። «ጥሯት» አሉ።

ሶፊ ሁሉንም ከውጭ ሰምታለች መሰለኝ። እንደ ተከራይ ወግ በጓዳው በር ብቅ ስትል ኦቦ ዋቅጅራ እጃቸውን አነሱ።

«በዚያ አይደለም። ዞረሽ በፊት በር ግቢ።»

ዞረች። በሰርቪሱ ጎን፣ በቧንቧው ጎን፣ በበረንዳው ደረጃ። ሳሎኑ በር ላይ ስትደርስ ላሟ ግማሹን ስለያዘችው ጎኗን ታክካ ገባች።

«አባት ብለሽ ላክሽብኝ?»

«ካጠፋሁ ይቅርታ፣ ኦቦ...»

«አጠፋሽ አልወጣኝም። ልጁን ወደድሽው?»

ሶፊ መሬት መሬት እያየች ራሷን ነቀነቀች። ጋሽ በንቲ ፊታቸው በርቶ ወንበር ሳቡ፤ ሊቀመጡ ሲሉ ኦቦ ዋቅጅራ፦

«ቆይ፣ አትቀመጥ» አሏቸው።

«ምን? አልቋል እኮ!»

«ምኑ ነው ያለቀው? እስካሁን ስለ ሌንሳ ነበር የማስበው። ስለ ሶፊ ገና አልመከርኩም። ወጣቱ ማን እንደሆነ፣ ዘመዶቹ ማን እንደሆኑ ልጠይቅ። ላም ሲያይ ፍሬን የሚይዝ መሆኑን አይቻለሁ፤ እሱ ብቻ አይበቃም። ልጄ በአንድ ቀን የምትሰጥ አይደለችም። ለእሁድ ተመለሱ።»

«ሦስተኛ እንድንመጣ?»

«ካስፈለገ አራተኛም።»

ሶፊ ያን ጊዜ ነው ያለቀሰችው። እኔ አሁንም እንቢ ስለተባለች መስሎኝ ቡሬን ይዤ «ደህና ናት እኮ!» እያልኩ ጮህኩ። ዛሬ ላይ ሆኜ ሳስበው፣ ሶፊ በሕይወቷ እንደዚያ እሁድ «ተመለሱ» የሚል ቃል ጣፍጧት አያውቅም። አባት ያለው ሰው ነው እንዲህ የሚያስጠብቅ።

ሦስተኛው እሁድ ተሰጠች። የሠርጉ ቀን ሰርቪሱ በአበባና በሪባን ተሸፍኖ መጣ፤ መስታወቱ ላይ «ሰርቪስ» የሚለው ታፔላ ሪባኑን አልፎ ይታያል፣ ጆኒ «ይሄ ይቆጠራል ወይ?» ብሎ ሠርጉን ሙሉ አወከኝ። ጡሩምባውን ሰፈሩ እስኪደነቁር ነፋሁት። የእናቴ መዘምራን በረንዳው ላይ፣ የኦቦ ዋቅጅራ ዘመዶች እየዘለሉ ግቢው መሐል፣ ሰዒድ ጥቁር ጥፍሩን በሱፍ ኪሱ ደብቆ። ሶፊ ከሰርቪሱ ሳይሆን ከሌንሳ መኝታ ቤት ለብሳ ወጣች። ኦቦ ዋቅጅራ ክንዷን ይዘው ወደ ትልቁ በር ወሰዷት፤ በሩ ላይ ቡሬ ተኝታ አልነሳ ስላለች ሙሽራው ተንበርክኮ ለመናት። ያኔ ሁሉም ሳቀ፣ እኔም ለምን እንደሚሳቅ አውቄ ሳቅኩ።

መኪናው ሊነሳ ሲል እኔ እንደለመደብኝ ወደ ኋላ ዞሬ በትንሿ በር ልወጣ ሮጥኩ። ኦቦ ዋቅጅራ የትልቁን በር መዝጊያ በእጃቸው ይዘው ቆመዋል።

«አንቺ!» አሉኝ። «ወዴት ነው? ቡሬ እንኳ በዚህ ነው የምታልፈው።»